ሲክስ ፋይቭ ስፔሻል፦ የእንግሊዝ ወጣቶች የቅዳሜ ምሽት

እስከ 1957 መጀመሪያ ድረስ (ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) እንግሊዝ ውስጥ ከምሽቱ 12 እስከ 1 ሰዓት ቴሌቪዥን ጭራሽ አይሰራም ነበር። ምክንያቱ? ወላጆች ልጆቻቸውን እንዲያስተኙ! ይሄ ሲቀር ቢቢሲ ባዶዋን የቅዳሜ ሰዓት የሚሞላ ነገር አስፈለገው። ፌብሩዋሪ 16 ቀን 12፡05 ላይ፣ በእነሱ ሰዓት 6፡05 መሆኑ ነው፣ ሲክስ ፋይቭ ስፔሻል ተጀመረ። ስሙ የመጣው ከሰዓቱ ነው።

አዘጋጆቹ ጃክ ጉድና ጆሴፊን ዳግላስ ነበሩ። ዳግላስ ከፒት መሬይ ጋር ሆና ፕሮግራሙንም ትመራ ነበር። የቀድሞው የቦክስ የዓለም ሻምፒዮን ፍሬዲ ሚልስም ነበረበት። ቦክሰኛ እዚያ ምን ይሰራል እንዳትሉ፤ ቢቢሲ ሙዚቃ ብቻውን አይበቃም፣ ስፖርትና ቁም ነገር ይግባበት ባይ ነበር። ጉድ ግን የፈለገው ሌላ ነው፦ ወጣቶቹ ስቱዲዮ ገብተው፣ በዘፋኞቹ ዙሪያ ሲጨፍሩ በቀጥታ ይታዩ። ለእኛ ትልቁ ፈጠራው ይሄ ነው፤ ካሜራው ተመልካቹንም ማሳየቱ።

ጭቅጭቁ ግን አልበረደም። ጉድ በ1958 ቢቢሲን ለቆ ተፎካካሪው አይቲቪ ላይ "ኦ ቦይ!"ን ሰራ። እዚያ ወሬ የለም፣ ዘፈን በዘፈን ላይ ነው። ወጣቱ ክሊፍ ሪቻርድም በዚሁ መድረክ ስሙ ገነነ። ሁለቱ ቅዳሜ ቅዳሜ ሲፋጠጡ ተመልካቹ ወደ ጉድ አደላ፤ የቢቢሲውም በዲሴምበር 1958 ተዘጋ።

የሚያናድደው፣ በቀጥታ ይተላለፍ ስለነበር ተቀርጾ የቀረው በጣም ጥቂት ነው። በ1958 በዚሁ ስም የተሰራው ፊልም ግን አለ፤ ሎኒ ዶኔጋንን እዚያ ታገኙታላችሁ።