ሮቢንሰን የተባለው የኒያሜ ልጅ

ዛሬ የኡማሩ ጋንዳን ነገር ላጫውታችሁ። ዓመቶቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር ያዙልኝ።

ጋንዳ በ1935 ኒጀር ውስጥ፣ ኒያሜ ተወለደ። ጢሙ ሳያቀመቅም የፈረንሳይን መለዮ ለብሶ ኢንዶቺና ዘመተ። ለባዕድ መንግሥት ሲዋጋ ቆይቶ ቢመለስ የሚጠብቀው ሥራ አልነበረም። እንጀራ ፍለጋ ኮትዲቯር፣ ወደ አቢጃን ወረደ፤ ወደብ ላይ ጫኝና አውራጅ ሆነ።

ዣን ሩሽ የሚባለው ፈረንሳዊ ያገኘው እዚያ ነው። ሩሽ እንደ ጋንዳ ያሉ ስደተኞችን ኑሮ የሚያጠና፣ ዘጋቢ ፊልም የሚሠራ ሰው ነበር። በከተማዋ የትሬሽቪል ሰፈር ወጣቶች ኑሯቸውንም ምኞታቸውንም ራሳቸው እንዲጫወቱት አደረገ። ጋንዳ ከአሜሪካ ፊልም ተዋናይ ስም ተውሶ ኤድዋርድ ጂ. ሮቢንሰን ተባለ።

ካሜራው እንደ ሰዓት እየተሞላ የሚሠራ ነበር፤ ሃያ አምስት ሰከንድ ያህል ቀርጾ ቀጥ ይላል፤ ድምፅ የሚባል አይቀዳም። ስለዚህ ጋንዳ በኋላ ስቱዲዮ ገብቶ፣ የራሱን ምስል እያየ የመጣለትን ተናገረ። የተጻፈ ቃለ ተውኔት አልነበረውም። ልብ በሉ፤ ያኔ አፍሪካዊው በፈረንጅ ፊልም ይታያል እንጂ መች ስለ ራሱ ይናገራል!

ፊልሙ ሊያልቅ ሲል ጋንዳ ከጓደኛው ጋር ውሃ ዳር ይሄዳል። ድንገት ጦርነቱ ይመጣበታል። መሬት ላይ ይተኛል፣ ይሳባል፣ በባዶ እጁ ቦምብ ይወረውራል። ያን ሁሉ ሆኖ ምንም እንዳላተረፈ ይናገራል። በእኔ እምነት የፊልሙ ልብ ይኸ ነው፤ ሩሽም ቢሆን ይህን ሊጽፍለት አይችልም ነበር።

«እኔ፣ ጥቁሩ» የተባለው ይህ ፊልም በ1958 የፈረንሳዩን የሉዊ ደሉክ የፊልም ሽልማት አገኘ። ሽልማቱ ግን የዳይሬክተሩ ነው። ጋንዳ አገሩ ገብቶ ሙያውን ተማረና በ1969 «ካባስካቦ»ን አቀረበ። ዳይሬክተሩም መሪ ተዋናዩም ራሱ ነው። ታሪኩ ከኢንዶቺና ስለተመለሰ ወታደር ነው፤ ገንዘቡን ከወዳጅ ጋር ይጠጣል፤ ኪሱ ሲራቆት ወዳጅ ይበተናል። ውሃው ዳር የጀመረውን ወግ፣ ያለ ተውሶ ስም ጨረሰው።

በ1972 ደግሞ ከአንድ በላይ ማግባትን የሚተቸው ፊልሙ ፌስፓኮ በተባለው የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ታላቁን ሽልማት፣ የየኔንጋን ፈረስ አሸነፈ። የእኛው ኃይሌ ገሪማ በ2009 በ«ጤዛ» የወሰደው ያንኑ ሽልማት ነው።

ጋንዳ በ1981 የመጀመሪያ ቀን፣ ገና በአርባዎቹ ዕድሜው አረፈ። ከተገኙላችሁ ሁለቱን ፊልሞች አከታትላችሁ እዩልኝ፤ መጀመሪያ የሩሽን፣ ቀጥሎ የእሱን «ካባስካቦ»።