ዙሪያው አንድ፣ ስፋቱ ሌላ

ግሪካዊው የታሪክ ጸሐፊ ፖሊቢዮስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2ኛው መቶ ዘመን በዘመኑ ሰዎች ይገረም ነበር። የሜጋሎፖሊስ ከተማ ዙሪያ 50፣ የስፓርታ ደግሞ 48 ስታድዮን (የግሪኮች የርዝመት መለኪያ) ሆኖ ሳለ ስፓርታ እጥፍ ትሰፋለች ቢባሉ አያምኑም። በልጅነት የተማሩትን ጂኦሜትሪ ረስተውታል ይላል። በ5ኛው መቶ ዘመን ዓ.ም. የኖረው ግሪካዊ ፈላስፋ ፕሮክሎስ የጻፈው ይብሳል፤ መሬት ሲካፈሉ ዙሪያው የረዘመውን ለባልንጀራቸው ለቀው፣ ስፋቱ የበለጠውን ራሳቸው የሚያስቀሩ ነበሩ። ምርቱም የእነሱ፣ የቸርነት ስሙም የእነሱ!

የሬክታንግልን ዙሪያ ለማግኘት ርዝመትና ወርዱን ደምሮ በ2 ማባዛት ይበቃል። የጥንቱን ሰው መከራ ያሳየው ግን የመለኪያው ዝብርቅርቅ ነው። ከፈረንሳይ አብዮት በፊት ርዝመት በቷዝ፣ በፒዬና በፑስ ይለካ ነበር፤ ፓሪስ ውስጥ ርዝመቱ 12 ቷዝ ከ4 ፒዬ ከ5 ፑስ፣ ወርዱ 7 ቷዝ ከ3 ፒዬ ከ10 ፑስ የሆነ ግቢ አጥር ሊታጠርለት ነው እንበል። ፑሱ ሲደመር 15 ይሆናል፤ 12 ፑስ 1 ፒዬ ስለሆነ 3 ተጽፎ 1 ይያዛል። ፒዬው 8 ይመጣል፤ 6 ፒዬ 1 ቷዝ ነውና 2 ተጽፎ እንደገና 1 ይያዛል። ድምሩ 20 ቷዝ ከ2 ፒዬ ከ3 ፑስ፣ እጥፉ 40 ቷዝ ከ4 ፒዬ ከ6 ፑስ። ይህም ፓሪስ ላይ ነው፤ ሌላ አውራጃ ሲሄዱ ፒዬው ራሱ ይለወጣል።

ፈረንሳዊዎቹ የሥነ ፈለክ ሊቃውንት ደላምብርና ሜሼን ከደንከርክ እስከ ባርሴሎና ምድርን የለኩት (እ.ኤ.አ. 1792–1798) ሰውን ከዚህ ዝብርቅርቅ ሊገላግሉ ነው። ሜትር ከሰሜን ዋልታ እስከ ምድር ወገብ ያለው ርቀት አንድ አስር ሚሊዮንኛ እንዲሆን ታስቦ ነበር፤ በ1799 የጸደቀው 0.2 ሚሊ ሜትር ያህል አጠረ። ቁምነገሩ ግን የአስር እርከኑ ነው። ያው ግቢ በሜትር 24.82 በ14.89 ይሆናል፤ ዙሪያው 79.42 ሜትር። ሴንቲ ሜትር ለሚፈልግ ነጥቧን ሁለት ቤት ወደ ቀኝ መግፋት ነው፤ 7,942። ፈረንሳዮች ራሳቸው ግን ቶሎ አልተቀበሉትም፤ ግዴታ የሆነው በ1840 ነው።

በእኛ አገር መሬት በቀላድ ገመድ ተለክቶ በጋሻ ይቆጠር ነበር። የጋሻው መጠን እንደ መሬቱ ለምነትና እንደየቦታው ይለያይ ነበር፤ ኋላ ላይ 40 ሄክታር ማለትም 400,000 ካሬ ሜትር ተብሎ ረጋ። ፖሊቢዮስን ያስገረመውን ነገር ግን ሜትርም አልፈታውም። 400 ሜትር በ1,000 ሜትር የሆነ ጋሻ ዙሪያው 2.8 ኪሎ ሜትር ነው። 200 በ2,000 የሆነውም ጋሻ ነው፤ ዙሪያው ግን 4.4። ባለቤቱ ሳያርስበት የሚያጥረው 1.6 ኪሎ ሜትር ትርፍ አጥር አለበት።