ባለ ባትሪ ድንጋይ ራዲዮ

እንዲህ ያለው ራዲዮ መብራት ባልገባባቸው የራያ ቆላ መንደሮች የቴአትር መድረክም ነበር። ብሔራዊ ቴአትር ከራያዋ ከተማ ከቆቦ ከ500 ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል፤ የተዋናዩ የወጋየሁ ንጋቱ ድምፅ ግን በኢትዮጵያ ሬዲዮ «ከመጻሕፍት ዓለም» ዝግጅት አገር ምድሩን ያዳርስ ነበር። የትወና ችሎታው ከመድረኩም ይልቅ እዚህ ጎልቶ ይወጣል። የሀዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» (1958 ዓ.ም.) ሲተርክ የፊታውራሪ መሸሻን ቁጣ፣ የጉዱ ካሳን ምርር ያለ ሙግት፣ የሰብለ ወንጌልን ሐዘን ለየብቻ ያሰማን አንድ ጉሮሮ ነው። ወጋየሁ አልባሳትም ሜካፕም ሳይረዱት በትንፋሽና በዝምታ ብቻ ሰው ፈጠረ።

ማንበብ ትወና አይደለም የሚል ይኖራል። ነገር ግን መጽሐፉ ቃሉን እንጂ ድምፁን አልሰጠውም፤ እያንዳንዱ ሰው የት እንደሚፈጥን፣ የት እንደሚሰበር የወሰነው ተዋናዩ ነው። ታሪኩ የጎጃም ነው፣ ራያን ምን አገናኘው የሚለው ጥያቄ ግን ከበድ ይላል። እርግጥ አማርኛው ከትግርኛና ከኦሮምኛ ጋር ተጎራብቶ የኖረው የቆቦ ሰው አነጋገሩ ሌላ ነው። ሆኖም ትምክህተኛ ባላባትን፣ በዘር ቆጠራ የሚከለከል ጋብቻን ለማወቅ ጎጃም መወለድ አያሻም፤ ወጋየሁም የተረከው አገሩን ሳይሆን ሰዎቹን ነው። የትረካው ቅጂ ዛሬም ይገኛል። ዓይንዎን ጨፍነው ያድምጡት፤ ስንት ሰው እንደሚናገርም ይቁጠሩ።