ከባሕር የተረፈ ሰው ነገር

የምኖርበት የአብነት ሠፈር ከቀድሞው የልደታ አይሮፕላን ማረፊያ የራቀ አይደለም። ቦሌ ሳይሠራ የኢትዮጵያ አየር መንገድ ከዚያው ይነሣ ነበር። ከጥቂት ጊዜ በፊት የካፒቴን ልዑል አባተን ታሪክ የሚያሳይ ፊልም በቤቴ ስመለከት፥ አንዲት አሮጊት ጎረቤቴ መጥተው ከአጠገቤ ተቀመጡ። ገና ሳይጋመስ፥ «እኒህን ሰው ስንት ጊዜ ያናግሯቸዋል? ቍስላቸውን ለምን ይነካኩባቸዋል?» ብለው ተቈጡ። እኔም በልቤ ከእርሳቸው ጋር ነበርሁ።

አንባቢ ሆይ፥ ነገሩ እንዲህ ነው። ኅዳር 14 ቀን 1989 ዓ.ም. 175 ሰዎች ይዞ ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ የተነሣውን ቦይንግ 767 ሦስት ሰዎች ጠልፈው ወደ አውስትራልያ ውሰደን አሉ። ካፒቴኑ ነዳጁ ያን ያህል እንደማያደርስ ቢነግሯቸው፥ ለመንገደኞች የሚታደለውን መጽሔት ገልጠው አይሮፕላኑ 11 ሰዓት መብረር ይችላል ተብሎ ተጽፏል ሲሉ ተከራከሩ። መጽሔቱ የተናገረው ግን ስለ ሞላ ጋን ነበር። እኔስ ካልተማረ ሰው ይልቅ አንዲት ገጽ ያነበበ ሰው ያስፈራኛል።

ካፒቴኑ ከዚያ በፊት ሁለት ጊዜ ተጠልፈው በደኅና የተመለሱ ናቸውና የአፍሪካን ጠረፍ ተከትለው በረሩ። ጠላፊዎቹ የብሱን አይተው ወደ ምሥራቅ እንዲዞሩ ባስገደዷቸው ጊዜም ልባቸው ወደ ኮሞሮስ ደሴቶች ነበረ። ነዳጁ አለቀ፤ ሁለቱም ሞተሮች ጠፉ። ተደብድቦ ከክፍሉ የተባረረው ረዳታቸው ዮናስ መኩሪያ ተመልሶ አገዛቸው። በታላቋ ኮሞሮስ፥ በጋላዋ ሆቴል ፊት ለፊት፥ ባሕሩ ላይ ወረዱ። የግራው ክንፍ ቀድሞ ውሃውን ነካና አይሮፕላኑ ተሰባበረ። 125 ሰዎች ሲሞቱ 50 ተረፉ።

በባሕሩ ዳር የነበሩ ጎብኚዎች ያነሡትን ፊልም ዓለም ሁሉ አይቶታል፤ እርሱ ግን ጥቂት ሴኮንድ ብቻ ነው። ከዚያ በፊት ያለፈውን የጭንቅ ሰዓት የቀረጸ ካሜራ የለም። ከሟቾቹም አንዱ መሐመድ አሚን ነበረ፤ በ1977 የኮረምን ረኀብተኞች ቀርጾ ለዓለም ያሳየው፥ በ1983 አዲስ አበባ ላይ ጥይት ግምጃ ቤት ሲፈነዳ አንድ እጁን ያጣው ኬንያዊ። የሌላውን መከራ በፊልም ሲያኖር የኖረው ሰው ቀረ፤ የራሱን የሚናገርለት አብራሪው ሆነ። በ1964 በፔሩ ጫካ ላይ ከተበተነው አይሮፕላን ከ92 ሰዎች ብቻዋን የተረፈችው ዩልያነ ኮፕከም፥ እናቷ የሞተችበትን ያንኑ ጫካ ከፊልም ሠሪው ከቬርነር ሄርዞግ ጋር ተመልሳ ረግጣዋለች።

ፊልሙ ስለ ነፍስ አድን ሰደርያው ወደሚነገርበት ደረሰ። ብዙዎች ከመውጣታቸው በፊት እዚያው ውስጥ ሳሉ ሰደርያውን በአየር ሞሉት። ውሃው ሲገባ ወደ ጣራው አንሳፈፋቸውና ወደ በሩ ጠልቀው መውጣት ተሳናቸው።

ጎረቤቴ ቍጣቸውን ትተው ዝም አሉ። ልጃቸው በሳምንቱ ለሥራ ወደ ቤይሩት ልትበር ነበር። «እስቲ መልሰው» አሉኝ። መለስሁት። ሁለተኛም መልሰው አሉኝና ተነሥተው ልጅቱን ከግቢ ጠሯት፤ ከፊቱም አስቀመጧት።