በሁለት ዓለማት መካከል የተነሣው ኃይል ዜና

በ1963 ዓመተ ምሕረት፣ በዘመነ ሉቃስ፣ በወርኃ ጥር፣ የሳይንስ ልቦለድ ወዳጆች በኒው ዮርክ ከተማ ጉባኤ አደረጉ። ከጸሐፊዎቹ አንዱ ሮበርት ሲልቨርበርግ በመድረክ ሲናገር፣ ለምሳሌ ያህል ብቻ፣ «ፕሉቶኒየም 186» የሚል ነገር ከአፉ ወጣ። ከሰሚዎቹ መካከል አይዛክ አሲሞቭ ተቀምጦ ነበር። እርሱም በሩስያ ምድር ፔትሮቪቺ በምትባል መንደር ተወልዶ፣ በሦስት ዓመቱ ወደ አሜሪካ ተሻግሮ፣ በብሩክሊን በአባቱ የከረሜላ ሱቅ ያደገ፣ በኋላም በቦስተን ዩኒቨርሲቲ የባዮኬሚስትሪ መምህር የሆነ ሰው ነው። ቁጥሩ ጆሮውን ቆረቆረው። ሲልቨርበርግን አግኝቶ እንዲህ ያለ ነገር በፍጥረት የለም አለው። ያም ባይኖርስ ምን ቸገረኝ አለ። አሲሞቭም እንግዲያውስ ታሪኩን እኔ እጽፈዋለሁ ብሎ ቃል ገባ።

ለምን እንደማይኖር ጥቂት ልናገር፤ የዚህ ዜና መሠረቱ ይህ ነውና። ፕሉቶኒየም የተባለ ሁሉ በአቶሙ እምብርት 94 ፕሮቶኖች አሉት። ፕሮቶን ከፕሮቶን ጋር አይስማማም፣ ይገፋፋል። አስታራቂው ጠንካራው የኑክሌር ኃይል ነው፤ ይህም ኃይል እንዲበረታ ብዙ ኒውትሮን በመካከል መግባት አለበት። ለቦምብ የሚሆነው ፕሉቶኒየም 239፣ 145 ኒውትሮኖች አሉት። የሲልቨርበርግ ግን 186 ሲባል ለኒውትሮን የሚተርፈው 92 ብቻ ነው። ሽማግሌ ያነሰበት ጠብ ነው፤ ገና ሳይሰበሰብ ይበተናል።

አሲሞቭ ግን ቃሉን አላጠፈም። ይህች ዓለም ካልቻለችው ሌላ ዓለም ትቻለው ብሎ፣ ከእኛው ጎን ለጎን ያለች፣ ጠንካራው ኃይል ከእኛ መቶ እጥፍ የሚበረታባት ዓለም በአሳቡ ፈጠረ። አጭር ታሪክ ሊጽፍ ጀምሮ እየረዘመበት ሄዶ፣ በፈረንጅ 1972 ዓመት «አማልክቱ ራሳቸው» የተባለው መጽሐፍ ወጣ። መጽሐፉ ከስድስተኛው ምዕራፍ ይጀምራል፤ ደራሲው ራሱ ስሕተት አይደለም ሲል በመግቢያው አስታውቋል። እኔም መጀመሪያ ባየሁት ጊዜ ገጽ የተቀደደብኝ መስሎኝ ነበር።

ከዚህ በኋላ የምጽፈው በመጽሐፉ ውስጥ የሆነው ነው። በፈረንጅ 2070 ዓመት ፍሬድሪክ ሃላም የሚባል መካከለኛ ዕውቀት ያለው ኬሚስት ነበረ። በጠረጴዛው ላይ አቧራ የጠጣች፣ «ተንግስተን» የሚል ጽሑፍ የተለጠፈባት ጠርሙስ ነበረች። አንድ ቀን ቢያያት በውስጧ ያለው መልኩ ተለውጧል። ዴኒሰን የሚባለው ባልደረባው አሽሟጠጠው። ሃላም ስድቡን መዋጥ አቃተው፤ ያንን ለማሳፈር ብሎ ጠርሙሷን አስመረመረ። ተንግስተኑ ሄዶ፣ በቦታው ፕሉቶኒየም 186 ተገኘ።

እነሆ ልብ በሉ፤ በኒው ዮርክም ይሁን በመጽሐፉ ነገሩ የተወለደው ከእልህ ነው። አሲሞቭ ይህን አስቦበት ይሁን ሳያስብ፣ የመጽሐፉን አመጣጥ በሃላም ላይ ጽፎታል።

የወዲያኛው ዓለም ሰዎች ተንግስተናችንን ወስደው በምትኩ ፕሉቶኒየም ሰጥተዋል። ተንግስተን 186 በእነርሱ ዘንድ ሲቀመጥ 20 ኤሌክትሮን እያወጣ ወደ ፕሉቶኒየም ይለወጣል፤ ፕሉቶኒየሙም በእኛ ዘንድ 20 ፖዚትሮን እያወጣ ተመልሶ ተንግስተን ይሆናል። በሁለቱም ወገን ብርሃንና ሙቀት ይገኛል። እንዲህ ያለ ገበያ ማን አይቶ ያውቃል? ሻጭም ገዢም አተረፉ፣ የከሰረም የለም። የኤሌክትሮን ፓምፕ አሉት፤ ሃላምም የፓምፑ አባት ተባለ።

ነገር ግን ጋንን ከጋን በቀሰም ቢያገናኙ የአንዱ ጠላ ወደ ሌላው እንደሚንቆረቆር፣ ከዕቃው ጋር የዓለማቱ ሕግም አብሮ ይሻገር ነበር። ጠንካራው ኃይል በእኛ ዘንድ ቀስ እያለ በረታ፣ በእነርሱ ዘንድ ደከመ። ኃይሉ ሲበረታ ፀሐይ ሃይድሮጅኗን ፈጥና ታነዳለች፤ መጨረሻዋም መፈንዳት ነው። ይህን ያወቀ ላሞንት የሚባል ወጣት ሳይንቲስት ነበር። ወደ ሃላም ሄደ፣ አባረረው። ወደ ሹማምንት ሄደ፣ አልሰሙትም። ነጻ ብርሃን እየበራለት ማን መብራቱን ያጠፋል?

የዜና መዋዕል ጸሐፊ ባለሥልጣኑን ያወድስ ዘንድ ልማድ ነው፤ ለሃላም ግን የምቆርሰው ምስጋና የለኝም። ምስጋናዬ ለዱዋ ነው። በወዲያኛው ዓለም የምትኖር፣ ሰውነቷ እንደ ጢስ ስስ የሆነ፣ በድንጋይ ውስጥ ሰርጋ የምትገባ ፍጥረት ናት። የዓለሟ ፀሐይ ትንሽና ቀዝቃዛ ነበረች፤ ታላላቆቿም የእኛ ፀሐይ ብትፈነዳ ግድ አልነበራቸውም። እርሷ ግን የማታውቀን ለእኛ አዝና፣ እየተደበቀች የማስጠንቀቂያ ምልክት ላከችልን። አሲሞቭ ከልቦለዶቹ ሁሉ ይህን እንደሚወድ ተናግሯል፤ እኔም የዱዋን ክፍል ሳነብ ለምን እንደሆነ ገባኝ።

የቀረው አጭር ነው። የተሽሟጠጠበትን ያልረሳው ሃላም ዴኒሰንን ከሥራው ስላደናቀፈው፣ ዴኒሰን በመጨረሻ ወደ ጨረቃ ሄደ። በዚያም ጠንካራው ኃይል እጅግ የደከመባትን ሦስተኛ ዓለም አገኘ፤ ከዚያ የሚገባው ድካም ከወዲያኛው ዓለም የሚገባውን ብርታት እንዲያካክስ አደረገ። ፓምፑም ሳይቆም ፀሐይ ተረፈች። መጽሐፉ የኔቡላንና የሁጎን ሽልማት አገኘ።

ከመጽሐፉ ውጭ ደግሞ፣ በ2007 ዓመተ ምሕረት መጀመሪያ ማይክል ሆል፣ ዲርክ አንድሬ ዴከርትና ሃዋርድ ዋይዝማን የተባሉ ፊዚክስ አዋቂዎች፣ ዓለማት ብዙ እንደሆኑ፣ ጎረቤታሞቹም እርስ በርሳቸው እንደሚገፋፉ፣ የኳንተም እንግዳ ነገርም ከዚህ ግፊት እንደሚመጣ ጽፈው አሳተሙ። ይህ ልቦለድ አይደለም፤ ሆኖም ያንን ግፊት በመሣሪያ የለካ የለም። ፕሉቶኒየም 186ም እስከዚህች ቀን በማንም ቤተ ሙከራ አልታየም፤ በሰው እጅ ከተሠሩት ሁሉ ቀላሉ ፕሉቶኒየም ቁጥሩ ከ220 በላይ ነው።