ጉትቻ ያጠለቀው ጅብ

ትግራይ ውስጥ ለዓመታት የኖረው እንግሊዛዊ ናትናኤል ፒርስ፣ በ1831 እ.ኤ.አ. ለንደን ላይ በታተመው የሕይወት ታሪኩ፣ በተገደሉ ጅቦች ጆሮ ላይ ጉትቻ ማየቱን ይተርካል። ለአገሬው ሰው ነገሩ ግልጽ ነበር፤ ጅቡ ሌሊት መልኩን የለወጠ ቡዳ ነው።

እኔን ግን ከጅቡ ይልቅ የሚያሳስበኝ ጉትቻው ነው፤ ጉትቻ የሚሠራው አንጥረኛ ነውና። ቡዳ ይባሉ የነበሩት ቀጥቃጮች፣ ሸክላ ሠሪዎች፣ በጎንደር ዙሪያም ርስት የተነፈጉት ቤተ እስራኤላውያን ናቸው። ገበሬው ማረሻውን ከእነርሱ እየገዛ ልጁን ከዓይናቸው ይሰውር ነበር። መሬት የከለከለ ሥርዓት፣ በእሳትና በእጁ ጥበብ የሚኖረውን ሰው አውሬ አድርጎ መተረኩ ድንገተኛ አይመስለኝም። ዳግማዊ ምኒልክ ባለ እጅን መስደብ በአዋጅ ከለከሉ፤ ለጋብቻ ዘር መቁጠሩ ግን ከአዋጁም በኋላ ቀጠለ።