የቆሻሻ ንግድና ዘጋቢ ፊልም

ዘጋቢ ፊልም ለኅብረተሰብ ከሚሰጣቸው አገልግሎቶች ዋነኛው ተራርቀው የሚገኙትን ምክንያትና ውጤት በአንድ መጋረጃ ላይ ማገናኘት ነው። ይህ ተግባሩ ጎልቶ ከታየባቸው መስኮች አንዱ ከበለጸጉት አገሮች ወደ ድሆቹ የሚጎርፈው የቆሻሻ ንግድ ነው። ንግዱ በርቀት ይኖራልና፤ ጣዩ የተጣለበትን አያይም፤ የተጣለበትም ጣዩን አያውቅም።

ጉዳዩ የዓለምን ትኩረት በሰፊው የሳበው በ1980ዎቹ ነበር (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። በ1986 ከአሜሪካዋ ፊላደልፊያ ከ14,000 ቶን በላይ የቆሻሻ አመድ ጭና የወጣችው ኪያን ሲ የተባለች መርከብ የሚቀበላት ወደብ አጥታ ስትንከራተት ከቆየች በኋላ፣ በ1988 መግቢያ ጭነቱን ማዳበሪያ በሚል ስም 4,000 ቶን ያህሉን በሃይቲ ጎናይቭ ጠረፍ አራገፈች። የተረፈውን ባሕር ዋጠው። በዚያው ዓመት በናይጄሪያ ኮኮ ወደብ ከኢጣሊያ የመጣ መርዛማ ቆሻሻ ተከማችቶ ተገኘ። አዲስ አበባ ላይ የተሰበሰበው የአፍሪካ አንድነት ድርጅት የሚኒስትሮች ምክር ቤትም ድርጊቱን በአፍሪካና በሕዝቧ ላይ የሚፈጸም ወንጀል ሲል አወገዘ። በ1989 የባዝል፣ በ1991 ደግሞ የባማኮ ስምምነት ተከተለ።

ሕግ ሲወጣ ንግዱ ስሙን ለወጠ። አሮጌ ኮምፒዩተር ለጥገና፣ የፕላስቲክ ክምር ለጥሬ ዕቃነት እየተባለ ይጫን ጀመር። የካሜራው አስፈላጊነት የታየውም በዚህ ጊዜ ነው። የባዝል አክሽን ኔትወርክ በ2002 ያቀረበው ፊልም፣ በደቡብ ቻይና ጉዪዩ ሠራተኞች ያለ መከላከያ ሽቦ ሲያቃጥሉ፣ ከኮምፒዩተር ክፍሎች በአሲድ ወርቅ ሲያወጡ አሳየ። በአሮጌ ዕቃዎቹ ላይ ተለጥፈው የቀሩት የአሜሪካ መሥሪያ ቤቶች ምልክቶች የላኪውን ማንነት መሰከሩ። ፊልሙ ጠንካራ ማስረጃ ነበር፤ ሆኖም ሠራተኛው ከጢሱ መካከል ለአፍታ ታይቶ ያልፋል እንጂ ኑሮውና ምኞቱ አይታወቅም።

ይህን ጉድለት ከሞሉት አንዱ ቻይናዊው ዋንግ ጂዩሊያንግ ነው። ቤጂንግን ስለከበቡት የቆሻሻ መጣያዎች በ2011 ፊልም ያቀረበው ይህ ባለሙያ፣ በ2016 «ፕላስቲክ ቻይና» በተሰኘው ሥራው በሻንዶንግ ክፍለ ሀገር በአንድ አነስተኛ የፕላስቲክ ማቅለጫ ግቢ የሚኖሩ ሁለት ቤተሰቦችን ሕይወት ተከታተለ። ልጆቹ መጫወቻቸውን ከባሕር ማዶ ከመጣው ክምር ይለቅማሉ፤ የሠራተኛው ሴት ልጅ ትምህርት ቤት መግባት ትመኛለች። የግቢው ባለቤት አዲስ መኪና መግዛትና ልጁን ማስተማር ይፈልጋል፤ እርሱም ያንኑ ጢስ ይተነፍሳል። ተመልካቹ ጥፋቱን በአንድ ክፉ ሰው ላይ ጥሎ እንዳይገላገል ያደረገው ይህ አቀራረብ ነው።

ፊልሙ በ2017 መጀመሪያ ከቻይና ኢንተርኔት ተነሣ። በዚያው ዓመት ሐምሌ ግን መንግሥቱ 24 ዓይነት ቆሻሻ እንዳይገባ እንደሚያግድ ለዓለም የንግድ ድርጅት አስታወቀ። ውሳኔውን ፊልሙ ብቻ አመጣው ማለት አይቻልም፤ የአየርና የውኃ ብክለት ቀድሞውንም አገሪቱን አስጨንቆ ነበር። ከ2018 ጀምሮ ጭነቱ ወደ ማሌዢያ፣ ወደ ታይላንድና ወደ ቬትናም ዞረ። በ2019 የባዝል ስምምነት የፕላስቲክን ቆሻሻ ይበልጥ እንዲቆጣጠር ተሻሻለ፤ ማሻሻያውም በ2021 ሥራ ላይ ዋለ።

ከዚህ ታሪክ እንደምንረዳው፣ ፊልም መርከብ አያስቆምም፤ ቆሻሻው የተሸፈነበትን ስም ግን ይገፍፋል። ጭነቱ መንገዱን በለወጠ ቁጥር ካሜራውም ተከትሎ መጓዝ፣ በደረሰበትም ቦታ ከክምሩ አስቀድሞ የሰውን ፊት ማሳየት ይጠበቅበታል።